«ሰማዕት» የሰማ ነው ወይስ የሞተ? ስለ ሐዋርያትና ሰማዕታት ቃላት

አራሚዋ፦
ጤና ይስጥልኝ የቋንቋ ወዳጆች። ለሐምሌ 5 የጴጥሮስ ወጳውሎስ በዓል የሚታተም የሰንበት ትምህርት ቤት መጽሔት እያረምሁ ነው። አንድ ወጣት ጸሐፊ «ሌሎቹ ሐዋርያት ሰማዕት ሲሆኑ ዮሐንስ ግን እንዲሁ ሞተ» ብሏል። ሳነበው ሳቄ መጣ። ልጁን ጠርቼ ምኑ ላይ እንደ ሳተ ላስረዳው ስል ግን ቃል አጠረኝ። «ሰማዕት» ማለት የተገደለ ማለት ከሆነ ዐረፍተ ነገሩ ምን ነውር አለው? ደግሞስ ቃሉ ከ«ሰማ» ጋር ምን ዝምድና አለው? ዝቅ ብሎ «ጴጥሮስ በሮም በስቅላት ተቀጣ» የሚልም አለ፤ እርሱም ጆሮዬን ቆርቁሮኛል። እስቲ አግዙኝ።

የቆሎ ተማሪ የነበረ፦
እኅቴ፣ ጥያቄው ጥሩ ነው። በግእዝ «ሰምዐ» ሁለት ሥራ ይሠራል፤ ሰማ ይላል፣ መሰከረም ይላል። «ስምዕ» ምስክርነት ነው። «ሰማዒ» የሰማና የሰማውን ቆሞ የሚናገር ሰው ነው፤ ሲበዛ «ሰማዕት» ይሆናል። ኋላ ላይ ይኸው የብዙ ስም ለአንዱም ሰው መጠሪያ ሆነና «ሰማዕታት» ተብሎ እንደ ገና በዛ። ስለዚህ በቃሉ ሥር ውስጥ ሞት የሚባል ነገር የለም። ግሪኩም እንዲሁ ነው፤ «ማርቲስ» ማለት ዳኛ ፊት የሚቆም ምስክር ነው።

የሐዋርያት ሥራ 1፥8ን ይመልከቱ፤ «ምስክሮቼ ትሆናላችሁ» ይላል። ይህ በተነገረበት ሰዓት ከሰሚዎቹ ማንም አልሞተም። ሞት ከቃሉ ጋር የተቆራኘው መመስከር አንገት የሚያስቆርጥ በሆነበት ዘመን ነው።

የቃሉ ጉዞ ቁልጭ ብሎ የሚታየው በእስጢፋኖስ ታሪክ ነው። ምዕራፍ 7፥58 ላይ እስጢፋኖስ ከከተማ ወጥቶ ሲወገር «ምስክሮችም ልብሳቸውን ሳውል በሚሉት በአንድ ጎበዝ እግር አጠገብ አኖሩ» ይላል። እዚህ ላይ «ምስክሮች» የተባሉት ገዳዮቹ ናቸው። በሙሴ ሕግ የመጀመሪያውን ድንጋይ የሚወረውረው ከሳሹ ምስክር ነውና ለውርወራ እንዲመቻቸው ልብሳቸውን አወለቁ። ምዕራፍ 22፥20 ላይ ግን ያ ልብስ ጠባቂ፣ አሁን ጳውሎስ ተብሎ፣ ያንኑ ቀን ሲያስታውስ ምስክር የሚለው ሟቹን እስጢፋኖስን ነው። ግሪኩ በሁለቱም ቦታ አንድ ቃል ነው። እኛ «ቀዳሜ ሰማዕት» የምንለው ከዚህ ነው። በግሌ፣ ስለ ሰማዕትነት ከተጻፈው ሁሉ ይህን የሚያህል የለም እላለሁ፤ ድንጋይ ወርዋሪዎቹ ስሙን ይዘው መጡ፣ የተወገረው ስሙን ወርሶ ቀረ።

አራሚዋ፦
«ጎበዝ» የሚለው ግን ምን ሊሆን ነው? ሳውል በምኑ ጎበዘ?

የቆሎ ተማሪ የነበረ፦
በቀድሞው አማርኛ «ጎበዝ» ወጣት፣ ጎልማሳ ማለት ነው። የቀለም ትምህርት ጉብዝና በኋላ የመጣ ነው። «የጎበዝ አለቃ» የሚለውን ያስቡ፤ የክፍል አንደኛ ማለት አይደለም።

ዐይኑ ዐ፦
ለአራሚዋ አንድ ማሳሰቢያ አለኝ። «ሰማዕት» በእሳቱ ሰ እና በዐይኑ ዐ ነው፤ «ሠማእት» ብሎ የጻፈ ሥሩን ቆርጦ ጥሎታል። «ሐዋርያ»ም በሐመሩ ሐ ነው። አውቃለሁ፣ ዛሬ ፊደላቱ በድምፅ አይለዩም ትሉኛላችሁ። ለገበያ ዝርዝር ግድ የለኝም፤ ለሰማዕታት ግን ግድ አለኝ።

ከዱባይ፦
ሰላም ለሁላችሁ። እኔ ሙስሊም ነኝ፤ በሥራዬ ቀኑን ሙሉ ዐረብኛ ነው የምናገረው፤ ይህ ውይይት ደስ ብሎኛል። «ሸሂድ» የሚለውም ልክ እንደዚሁ ነው። «ሸሂደ» ማለት አየ፣ መሰከረ ማለት ሲሆን «ሸሃዳ» ምስክርነት ነው። በፈጣሪ መንገድ የሞተውም ሸሂድ ይባላል። ግሪኩ፣ ግእዙ፣ ዐረብኛው ሁሉም ምስክርን ወስደው ለሟች መስጠታቸው አይገርምም?

ሌላም አለ። ቁርኣን የዒሳን ደቀ መዛሙርት «ሐዋሪዩን» ይላቸዋል። የጥንት ዐረብ ሊቃውንት ቃሉን ከንጣት ጋር ያያይዙታል፤ ልብስ አጣቢዎች፣ ነጭ አድራጊዎች ስለ ነበሩ ነው የሚሉ አሉ። ብዙ የዘመናችን የሴም ቋንቋ አጥኚዎች ግን ከግእዙ «ሐዋርያ» የተወሰደ ነው ይላሉ። የግእዙ ሥር ምንድን ነው?

የቆሎ ተማሪ የነበረ፦
ወንድሜ፣ ሥሩ «ሖረ» ነው፤ ሄደ ማለት ነው። «ሑረት» አካሄድ ነው። ሐዋርያ እንግዲህ ሂያጅ፣ መልእክት ይዞ የሚዞር ነው። ግሪኩ «አፖስቶሎስ» የተላከ ሲል ላኪውን ያሳስባል፤ ግእዙ እግሩን ያሳየናል። ለእነዚያ ሰዎች ደግሞ እግር ይስማማቸዋል፤ በትውፊት ቶማስ እስከ ሕንድ፣ ማርቆስ እስከ እስክንድርያ ሄደዋል። ዛሬ በዜና የምንሰማው «ሐዋርያዊ ጉዞ» በሥሩ ከታየ «የሂያጅ ሂደት» እንደ ማለት ነው፤ ነቀፌታ አይደለም፣ ጆሮ ለምዶታል። ግን ማርቆስ ከዐሥራ ሁለቱ ሳይሆን ከሰባ ሁለቱ አርድእት የሚቆጠር ነው። «ረድእ» ማለት ረዳት ነው፤ ጸሐፊያችሁ እንዳያደባልቃቸው።

ጡረተኛው ጋዜጠኛ፦
ወደ ጴጥሮስ ልመልሳችሁ። «ስቅላት» እና «ስቅለት» አንድ አይደሉም። ስቅላት በገመድ አንገትን አንቆ መግደል ነው፤ በፍርድ ዜና «በስቅላት እንዲቀጣ ተፈረደበት» ስንል የኖርነው ይህን ነው። ስቅለት ግን በመስቀል ላይ መቸንከር ነው። ችግሩ «ተሰቀለ» የሚለው ግሥ ሁለቱንም ማገልገሉ ነው፤ ግድግዳ ላይ የሚሰቀለውን ኮት ሳንጨምር ማለት ነው። «ጴጥሮስ በስቅላት ተቀጣ» ያለ ጸሐፊ ሐዋርያውን በገመድ አንጠልጥሎታል።

ትክክለኛው አነጋገር «የቁልቁሊት ተሰቀለ» ነው። በትውፊት እንደ ጌታው ቀጥ ብዬ ልሰቀል አይገባኝም ብሎ ራሱ ለምኖ ነው ይባላል። ጳውሎስን ደግሞ «ተሰቀለ» የሚል ጽሑፍ ካያችሁ ሰርዙት፤ እርሱ በሰይፍ አንገቱን ተቆረጠ፣ በቤተ ክህነት አነጋገር ተሰየፈ። የሮም ዜጋ ነበርና። መስቀል የባሪያና የባዕድ ወንጀለኛ ቅጣት ነበር፤ ዜጋን በሰይፍ ነበር የሚቀጡት። አንድ ከተማ፣ አንድ ንጉሥ ኔሮን፣ በእኛ አቆጣጠር አንድ የበዓል ቀን፤ ግን ሁለት ግሥ። ግሡን የለየው ዜግነት ነው።

አንድ ቅሬታ ግን አለኝ። የቆሎ ተማሪው እንዳለው ሰማዕት መስካሪ ከሆነ፣ ስድስት ኪሎ ያለውን የየካቲት 12 የሰማዕታት ሐውልት ምን ልንለው ነው? በ1929 ዓ.ም. የፋሺስት ጦር የፈጃቸው የአዲስ አበባ ሰዎች አብዛኞቹ ከቤታቸው እየተጎተቱ የተገደሉ ናቸው። ካድ ወይም ሙት ብሎ የጠየቃቸው አልነበረም።

ዐይኑ ዐ፦
እኔ በበኩሌ ቃሉ ተለጥጧል ባይ ነኝ። «ግፉዓን» ቢባሉ ይበቃ ነበር።

የቆሎ ተማሪ የነበረ፦
አልስማማም። ሄሮድስ ያስፈጃቸውን የቤተ ልሔም ሕፃናት ቤተ ክርስቲያን ከሰማዕታት ትቆጥራቸዋለች፤ እነርሱም ማንም አልጠየቃቸውም፣ አፍም አልፈቱም። ስለዚህ ቃሉን አናጥብበው።

አራሚዋ፦
እሺ፣ ወደ ዮሐንስ እንምጣ። ምስክርነቱን ከወሰድን ዮሐንስ ከሁሉም በፊት ሰማዕት ሊባል ነው። በወንጌሉ መጨረሻ 21፥24 ስለ እነዚህ የመሰከረው ይህ ደቀ መዝሙር ነው፣ ምስክርነቱም እውነት ነው ተብሎለታል። ፍጥሞ ደሴት የተጋዘውም ስለ ምስክርነቱ ነው።

ጡረተኛው ጋዜጠኛ፦
ስለ እርሱና ስለ ወንድሙ ሳስብ የሚመጣልኝ «ጽዋ» የሚለው ቃል ነው። የዘብዴዎስ ልጆች በቀኝና በግራህ እንቀመጥ ብለው በለመኑ ጊዜ ጌታ «ጽዋዬንስ ትጠጣላችሁ» አላቸው፤ ለሁለቱም። ያዕቆብን ሄሮድስ አግሪጳ በሰይፍ ገደለው። ይህ ሄሮድስ የሞተው በ44 እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ነውና ግድያው ከዚያ በፊት መሆኑ ነው። ከይሁዳ በቀር ከዐሥራ ሁለቱ አሟሟቱ በሐዲስ ኪዳን የተተረከው ያዕቆብ ብቻ ነው፤ እርሱም በአንዲት ዐረፍተ ነገር። የሌሎቹን የምናገኘው ከስንክሳርና ከገድላት ነው። ዮሐንስ ግን አርጅቶ፣ ሌሎቹን ሁሉ ሸኝቶ ቀረ። አንድ ጽዋ፣ አንዱ በአንድ ትንፋሽ ጨለጠው፣ ሌላው ዕድሜ ልኩን ተጎነጨው።

«የሰማዕትነት ጽዋ ጠጣ» የሚለው የጋዜጣ አነጋገር ከዚህ የመጣ ነው። ብቻውን «ጽዋ ጠጣ» ካላችሁ ግን አንባቢያችሁ የወር ማኅበር ላይ ጠላ ሲጠጣ ነው የሚታየው። «የሰማዕትነት» የሚለውን አትርሱ።

የቆሎ ተማሪ የነበረ፦
ለዮሐንስ በእኛ ዘንድ የተለመደው ግሥ «ተሰወረ» ነው፤ ጥር 4 የሚዘከረው ይኸው ነው። «ያ ደቀ መዝሙር አይሞትም» የሚል ነገር በወንድሞች መካከል ወጥቶ እንደ ነበር ወንጌሉ ራሱ ይናገራል፤ ወዲያውም አይሞትም አላለውም ብሎ ያርመዋል። በሰላም ለተለየ ቅዱስ «ዐረፈ» እንላለን፤ በደም ለተለየ «ሰማዕትነት ተቀበለ»፤ ከዐይን ለራቀ «ተሰወረ»። «ሞተ» የሚለው ሐሰት አይደለም፣ ግን በዚህ ሰልፍ ውስጥ ቦታ የለውም። ለመጽሔቱ «ሌሎቹ ሐዋርያት በደማቸው ሲመሰክሩ ዮሐንስ በቃሉና በስደቱ መስክሮ ተሰወረ» ቢባል እመርጣለሁ።

አራሚዋ፦
ተወስዷል! ግን «ተቀበለ» ለምን ተባለ? ሞትን ማን ይቀበላል?

የቆሎ ተማሪ የነበረ፦
የሚቀበለው አክሊሉን ነው። «እስከ ሞት ድረስ የታመንህ ሁን የሕይወትንም አክሊል እሰጥሃለሁ» ከሚለው ነው። አክሊል ሲቀበሉ «ተቀዳጀ» ወይም በግእዙ «ተቀጸለ» ይባላል። ዛሬ ሯጮቻችን ሜዳሊያ ሲያገኙ ጋዜጠኞች «ድል ተቀዳጁ» ይላሉ፤ ሳያውቁት ቃሉን ወደ ጥንት ሰፈሩ መልሰውታል። ግሪኮች በሩጫና በትግል ላሸነፈ የሚያጠልቁለት የቅጠል ጉንጉን «ስቴፋኖስ» ይባል ነበርና። እስጢፋኖስ የሚለው ስም እርሱ ነው፤ አክሊል ማለት ነው። ሙሽሮች የሚጋቡበት «ተክሊል»ም የዚሁ የ«አክሊል» ሥር ልጅ ነው።

ከዱባይ፦
«ገድል» ከ«ገደለ» ነው የመጣው? ስለ ተገደሉ ሰዎች የሚጻፍ ስለሆነ እንደዚያ ይመስለኝ ነበር።

የቆሎ ተማሪ የነበረ፦
ብዙ ሰው እንደዚያ ይመስለዋል። በግእዝ መግደል «ቀተለ» ነው። «ተጋደለ» ታገለ፣ ተፎካከረ ማለት ነው፤ «ገድል»ም ትግል ነው። ስለዚህ ሰይፍ ሳይነካው በበረሃ ያረጀ መነኩሴም ገድል አለው። በአማርኛ «ሁለቱ ተጋደሉ» ሲባል ግን አስከሬን ማንሣት ሊያስፈልግ ነው።

ዐይኑ ዐ፦
የመጨረሻ ጥያቄ ከእኔ። ጊዮርጊስን «ሊቀ ሰማዕታት» እንላለን፤ እስጢፋኖስን «ቀዳሜ ሰማዕት»። አለቃው ለምን ፊተኛው አልሆነም? በባሕረ ሐሳብ የሚጠቀሰው «ዓመተ ሰማዕታት»ስ ከየትኛው ይነሣል?

የቆሎ ተማሪ የነበረ፦
«ቀዳሚ» የጊዜ ነው፤ «ሊቅ» የማዕረግ ነው። ጊዮርጊስ ከእስጢፋኖስ ሁለት መቶ ሃምሳ ዓመት ገደማ ዘግይቶ የተነሣ ነው። ዓመተ ሰማዕታት ደግሞ ከአንዳቸውም ሞት አይነሣም፤ የሚነሣው ዲዮቅልጥያኖስ ከነገሠበት ከ284 እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው። ትልቁን ስደት ያወጀው ግን በ303 ነው፤ ማለትም ዘመኑ የሰማዕታቱን ስም ይዞ የሚቆጠረው ከገዳያቸው ዙፋን ጀምሮ ነው። ስሌቱ ቀላል ነው፤ ከዓመተ ምሕረት 276 ይቀንሱ። 2017 ዓ.ም. 1741 ዓመተ ሰማዕታት ነበር።

ዐይኑ ዐ፦
እስክንድርያ ያሉት ግብፃውያንም ይህንኑ ቁጥር ነው የሚጽፉት?

የቆሎ ተማሪ የነበረ፦
አዎን፣ ያንኑ ነው። እኛ ዓመተ ምሕረትን አስቀድመን እርሱን በባሕረ ሐሳብ ስናቆየው፣ እነርሱ በየዓመቱ የቀን መቁጠሪያቸው ሽፋን ላይ ያትሙታል።