ግጥም በፊልም ሲሠራ ይጠቀማል ወይስ ይጎዳል?

አወያይ፦ ሰላም ቤተሰብ። ግጥምን ከምስል ጋር ያዋሃዱ አጫጭር ፊልሞች ዩቲዩብና ቲክቶክ ላይ እየበዙ ነው። ግጥሙን ይጠቅሙታል ወይስ ይጎዱታል?

የቅኔ ተማሪ፦ ይጎዱታል። ሰምና ወርቅ የሚጥመው ሰሚው ራሱ ሲፈታው ነው። ካሜራ ሰሙን ብቻ ነው የሚያሳየው። ገጣሚዋ «ጀበና» ስትል ጀበና፣ «ዝናብ» ስትል ዝናብ ይመጣል። ታዲያ ለእኔ ምን ተረፈኝ?

ኤዲተሯ፦ ወንድሜ፣ እሱ የደካማ ሥራ ችግር ነው እንጂ የዘርፉ አይደለም። ኢራናዊቷ ገጣሚ ፎሩግ ፋሮኽዛድ እ.ኤ.አ. በ1962 በታብሪዝ የሥጋ ደዌ ሕሙማን መንደር የቀረጸችውን «ቤቱ ጥቁር ነው» እየው፤ 22 ደቂቃ ገደማ ነው። አንድ ሰው ግንቡን በእጁ እየነካ ጥግ ጥጉን ይመላለሳል። ከላይ የሚሰማው የእሷ ድምፅ የሳምንቱን ቀናት ይቆጥራል፣ ቅዳሜ፣ እሑድ፣ ሰኞ እያለ። ስለ ሰውየው አንድ ቃል አይናገርም። ግን የዚያ ሰው ዕድሜ እንዴት እያለቀ እንደሆነ ይገባሃል። እኔ ወርቅ የምለው ይሄንን ነው፤ ድምፁን ለብቻው ብትሰማው፣ ምስሉንም ለብቻው ብታየው አታገኘውም።

የድሮ ተመልካች፦ ልጄ፣ ፎሩግ እኮ ገጣሚም፣ ዳይሬክተርም፣ ኤዲተርም ነበረች። የእኛዎቹ ግጥሙን ለሌላ ሰው ነው የሚሰጡት።

ኤዲተሯ፦ ልክ ነው ጋሼ፣ ግን አብሮ መሥራት ይቻላል። እ.ኤ.አ. በ1936 እንግሊዞች ስለ ፖስታ ባቡር በሠሩት «ናይት ሜይል» ላይ ገጣሚው ኦደን ከፊልም ሠሪዎቹ ጋር አብሮ ነበር። የስንኙ ምት የባቡሩን ጎማ ይከተላል፤ ከምስሉ ጋር አልሄድ ያለው ስንኝ ተቆርጦ ወጥቷል። እኛም ጋ መቆረጥ አለበት። ምስሉ የተናገረውን ቃል ለምን ይደግመዋል?

የቅኔ ተማሪ፦ እዚህ ላይ አልስማማም። የአማርኛ ግጥም ቤት ይመታል። አንዱን ስንኝ ስታወጪው ጓደኛው ያለ ቤት ይቀራል።

ኤዲተሯ፦ ለዚህ እኮ ነው ገጣሚው ኤዲቲንግ ላይ አጠገቤ ይቀመጥ የምለው። የፈረሰውን ቤት ከእሱ በላይ ማን ይጠግነዋል? እኔን የሚያናድደኝ ድምፁን በቴሌግራም ልኮ «ምስል አልብሺልኝ» የሚለው ነው። እንደዚያ ሲሆን ከኢንተርኔት የወረደ የጀምበር መጥለቂያ ይለጠፍበታል፤ አንተም ያኔ «ይጎዳል» ብትል አልከራከርህም።