ሽርካዬ የሠራተኛ ጡረታ ሳይከፍል ሄደ፤ ዕዳው የማን ነው?

የአዘዞው (ጠያቂ)፦
ሰላም ለሁላችሁ። ጎንደር አዘዞ ላይ ከጓደኛዬ ጋር ብሎኬት ማምረቻ አለን፤ ነበረን ልበል መሰለኝ። እኔ ምርቱን እይዛለሁ፣ ብሩና ወረቀቱ የእሱ ነበር። ስድስት ሠራተኞች አሉን፣ የእያንዳንዳቸው ደመወዝ 5,000 ብር ነው። ጡረታ እየተባለ ሲቆረጥባቸው ፔይሮሉ (የደመወዝ መክፈያ ሰነዱ) ላይ በዓይኔ አይቻለሁ፣ ተከፍሏል ብዬም ለጥ ብዬ ተኝቻለሁ። ለካ 20 ወር ሙሉ ሰባራ ሳንቲም አልገባም! እሱ አዲስ አበባ ነው፣ ስልክ ሲፈልግ ያነሳል ሲፈልግ ይዘጋል። የጡረታ መሥሪያ ቤቱ ክፈል የሚለው ደብዳቤ ግን እኔ እጅ ላይ ደረሰ። «የሠራተኛ ጉዳይ የእሱ ኃላፊነት ነው» ብለን የተፈራረምነው ውል አለን። ግማሹን ከፍዬ ብገላገልስ?

ቀበሌ 18፦
ውል ካለህ ምን አስጨነቀህ? ውሉን አሳያቸው፣ እሱን ይፈልጉት።

ጠበቃው፦
ወንድሜ፣ ይሄን ምክር ከሰማህ ገደል ትገባለህ። መጀመሪያ ንገረኝ፣ ንግድ ፈቃዱ በማን ስም ነው?

የአዘዞው፦
የኅብረት ሽርክና ማኅበር ብለን ነው በሁለታችንም ስም ያስመዘገብነው።

ጠበቃው፦
እንግዲያው ሁለታችሁም በአንድነትና በነጠላ ተጠያቂ ናችሁ። በንግድ ሕጉ (አዋጅ 1243/2013) የኅብረት ሽርክና ሸሪክ የማኅበሩ ንብረት ባይበቃ በግል ንብረቱ ጭምር ይጠየቃል። ፍትሐ ብሔር ሕጉም ቁጥር 1896 እና 1897 ላይ ያው ነው፦ ባለገንዘቡ ከፈለገ ከሁለታችሁ፣ ከፈለገ ከአንዳችሁ ብቻ ሙሉውን መጠየቅ ይችላል። ግማሽ ብትከፍል የቀረው ግማሽ አይለቅህም። ውላችሁ በመካከላችሁ ይሠራል፣ ሠራተኛውንም መሥሪያ ቤቱንም አያስርም። ኃላፊነቱ የተወሰነ የግል ማኅበር ቢሆን ኖሮ በመርህ ደረጃ የሚጠየቀው ድርጅቱ ራሱ ነበር፣ ያን ጊዜ ወሬው ሌላ ነው። ውሉን ግን እንዳትጥለው! ከፍለህ ስታበቃ ሽርካህን መልሰህ የምትጠይቅበት እሱ ነው። ክስ ከመጣብህ ደግሞ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 43 መሠረት እሱም ወደ ክሱ እንዲገባ አመልክት። እኔ በበኩሌ ክሱን አልጠብቅም።

ሒሳብ ሠሪዋ፦
እኔ ቁጥሩን ልንገርህ የኔ ወንድም። ከአሠሪው 11 በመቶ፣ ከሠራተኛው 7 በመቶ ነው፣ ድምሩ 18። በ5,000 ብር ላይ 550 እና 350፣ ማለትም በሰው 900 ብር። ስድስት ሰው በወር 5,400 ይሆናል፣ በ20 ወር 108,000 ብር። ይሄ ያለ ቅጣት ነው። ቅጣቱን ለብቻው ነጥለው በጽሑፍ እንዲሰጡህ መሥሪያ ቤቱን ጠይቅ፣ በቃል የተነገረህን አትመን። አንድ ጊዜ መክፈል ካቃተህም በየወሩ ለመክፈል ማመልከቻ አስገባና ኮፒው ላይ ማኅተም አስመታ።
ደግሞ ልብ በል፣ ከ108,000ው ውስጥ 42,000ው ከልጆቹ ደመወዝ የተቆረጠ ነው። አሁን ዞረህ ድጋሚ ልትቆርጥባቸው አትችልም።

ብሎኬት ሠሪ ነበርኩ፦
ይቅርታ፣ ጥያቄው ለእኔ አይደለም፣ ግን ዝም ማለት አልቻልኩም። እኔም ሲቆረጥብኝ ኖሬ የአገልግሎት ዘመኔን ላጣራ ስሄድ የሦስት ዓመቱ የለም ተባልኩ። የትኛው ሸሪክ በላው ብዬ ልጠይቅ? እኔ የማውቀው የቀጠሩኝን ሁለቱን ነው። ለልጆቹ ደብቀህ አትቆይ፣ ዛሬውኑ ንገራቸው። የፔይሮሉንም ኮፒ ስጣቸው፣ ነገ እንደ እኔ ማስረጃ ፍለጋ እንዳይንከራተቱ።

ቀበሌ 18፦
እሺ ተሳስቻለሁ፣ እኔም ሸሪክ አለኝ፣ ነገ ጠዋት የእኛን ደረሰኝ ነው የማየው 😅

የአዘዞው፦
እግዜር ይስጥልኝ። 108,000 ስትይ ሆዴ ተላወሰ፣ እውነቱን ለመናገር። ለልጆቹ ማታ ነገርኳቸው፣ አንዱ ምንም ሳይለኝ ወጣ። ፔይሮሉን ድሮ ሒሳብ ትሠራልን የነበረች ልጅ ጋ አግኝቻለሁ፣ የሁሉም ወር ፊርማ አለበት። ሰኞ ፔይሮሉንና ውሉን ይዤ ወደ ጡረታ መሥሪያ ቤቱ እሄዳለሁ። ሽርካዬንም በጽሑፍ አስጠንቅቄዋለሁ፣ መልእክቱን አይቶታል፣ እስካሁን አልመለሰም።