የቤት ብድር እውነተኛ ወጪው እንዴት ይሰላል? እባካችሁ እርዱኝ

ሰላም ለሁላችሁ። የቤት ብድር ልወስድ እያሰብኩ ነው፤ ሂሳቡ ግን ግራ አጋብቶኛል። አበዳሪው ደጋግሞ የሚነግረኝ ወርሃዊ ክፍያውን ብቻ ነው።

ለስሌት እንዲመች ብድሩን 1 ሚሊዮን፣ ወለዱን በዓመት 12 በመቶ፣ ጊዜውን 20 ዓመት አድርጌ ሠራሁት። በየወሩ 11,011 ገደማ ይመጣል። ሲደመር 2.64 ሚሊዮን! ከመጀመሪያው ወር ክፍያ 10,000ው ወለድ ነው፤ ከዋናው ብድር የሚቀነሰው 1,011 ብቻ። ወደ 15 ዓመት ሳሳጥረው ወርሃዊው 12,002፣ ጠቅላላው 2.16 ሚሊዮን ሆነ። በወር 1,000 እንኳ የማይሞላ ጭማሪ ወደ 480 ሺህ ያድናል ማለት ነው። ልክ ነኝ?

ዋናው ጥያቄዬ ግን ይሄ ነው። ከ20 ዓመት በኋላ የምከፍለው 11,011 ከዛሬው ጋር እኩል አቅም የለውም። ታዲያ ዝም ብሎ መደመር ያስኬዳል? አንዳንዱ «የዋጋ ንረት ዕዳህን ይበላልሃል» ይለኛል። ደሞዜ አብሮ ካላደገ ምን ሊጠቅመኝ?

ኢንሹራንስ፣ የቤት ግምት፣ የውል ወጪና ዓመታዊ ግብርም አለ። ጥገናውን ገና አልነካሁትም። እነዚህን ከወለዱ ጋር አንድ ላይ ልደምር ወይስ ለብቻ ልያዝ?

ሌላው፣ ወለዱ የሚቀያየር ነው። 2 በመቶ ቢጨምር ብዬ ማስላቱ ይበቃል? ቀደም ብዬ ተጨማሪ ብከፍልስ፣ የሚቀነሰው ዘመኑ ነው ወርሃዊው? ቅጣት ካለው ውሉ ላይ የትኛውን አንቀጽ ልይ? ያለፋችሁበት ካላችሁ በቁጥር አስረዱኝ።