የማርሴዩ ድራማ ጉዳይ፦ የሕዝብ ጣቢያው መተው ነበረበት?

ሄለን፦ የፈረንሳይ የሕዝብ ጣቢያ ፍራንስ 3 ማርሴይ ከተማ ውስጥ የሚካሄደውን «ፕሉ ቤል ላ ቪ» የተባለውን ዕለታዊ የቴሌቪዥን ድራማ በ2004 ጀምሮ በ2022 ዘጋው (ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው)። በጥር 2024 የግሉ ጣቢያ ቴኤፍ1 አንስቶ ቀጠለው። የሕዝብ ጣቢያው መዝጋቱ ልክ ነበር ትላላችሁ? እኔ አይደለም ባይ ነኝ።

ዮናስ፦ ልክ ነበር እንጂ! በደህናው ጊዜ በየምሽቱ ከ5 ሚሊዮን በላይ ሰው ያየው ነበር። ኋላ ተመልካቹ በጣም ቀነሰ። ታሪኩም ለዛውን አጣ። የጎረቤት ጣጣና የፍቅር ወሬ ሲጠበቅ ግድያ፣ እገታ፣ ሴራ በላይ በላዩ። አንድ ሰፈር ውስጥ ይህን ያህል ሰው ከሞተ ቡና ቤት የሚቀመጥ ማን ይቀራል?

ሄለን፦ አሳቅኸኝ። ግን ዋናው እኮ ተራ ሰው የሚገናኝበት ቡና ቤቱ ነው። ፖሊሱም፣ ሐኪሙም፣ ሥራ ፈቱም የቡና ቤቱ ባለቤት ሮላን ዘንድ ይገናኛሉ፤ የአንዱ ጉዳይ ከሌላው ይቆላለፋል። ደግሞ ፈረንሳይ የተመሳሳይ ጾታ ጋብቻን በ2013 ስትፈቅድ፣ ድራማው በዚያው ዓመት ሁለት ወንዶችን አጋባ። ሰው አደባባይ ወጥቶ የሚጯጯህበትን ነገር በራት ሰዓት ሳሎን አስገባው። ማስታወቂያ የሚያሳድድ ጣቢያ ቀድሞ ይደፍረው ነበር?

ጋሽ በለጠ፦ ልጆች፣ ማርሴይ ነዋሪ ነኝና እኔን ስሙኝ። ድራማው ውስጥ ሚስትራል የሚባለው ሰፈር በእውን የለም። ፓኒዬ የተባለውን የከተማዋን አሮጌ ሰፈር አይተው ቤል ደ ሜ በሚባል ሌላ ሰፈር ባለ ስቱዲዮ ውስጥ የሠሩት ነው። ቱሪስቱ ግን ቡና ቤቱን ፍለጋ ፓኒዬ ይንከራተታል። የከተማዋ አነጋገር እንኳ እምብዛም አይሰማበትም። በስተሰሜን ያሉት ድሃ ሰፈሮችማ ተዉት። ተራ ሰው የምትሉት የትኛውን ነው?

ሰናይት፦ ጋሼ፣ እውነትዎን ነው። ግን ሥራውን አይርሱ። ድራማው በሳምንት አምስት ቀን ይታይ ነበር። ካሜራማኑም፣ አናጢውም፣ ልብስ ሰፊውም እዚያው ከተማ ነው እንጀራውን የሚበላው። ፓሪስ ሁሉን ጠቅልላ በያዘችበት አገር ይሄ ቀላል አይደለም።

ዮናስ፦ ታዲያ ቴኤፍ1 በማስታወቂያ ገንዘብ እየሠራው አይደል? ያኔ ቤተሰቡ ለሕዝብ ቴሌቪዥን በዓመት 138 ዩሮ ይከፍል ነበር። ክፍያው በ2022 ቀረ። የሕዝብ ጣቢያው ኪሱን ማሰብ አለበት።

ሄለን፦ የግሉ ካነሳው ተመልካቹ አልሞተም ማለት ነዋ! ደግሞ ቴኤፍ1 ያደረገው ከምሳ ዜና በኋላ ነው። ሥራ ላይ ያለ ሰው በምን ጊዜው ያየዋል?

ዮናስ፦ ኢንተርኔት አለ አይደል እንዴ?

ሄለን፦ እዚያ እያንዳንዱ በየስልኩ ነው የሚያየው። ማታ ግን አያትና የልጅ ልጅ አንድ ላይ ተቀምጠው ይከራከሩበት ነበር።

ጋሽ በለጠ፦ እሱንስ አምኛለሁ። የሰሜን ሰፈሮቹን ጥያቄ ግን ማንም አልመለሰልኝም።