ሴግመንቴሽን ለንባብ፣ ለትምህርት፣ ለሽያጭ፦ የቱ ጋ ነው የሚቆረጠው?

ጠያቂ (የኤክሴሏ)

ሰላም ለሁላችሁ። ሰሞኑን «ሴግመንቴሽን» የሚባል ቃል በሄድኩበት ይከተለኛል። የልጄ አስተማሪ «ቃላትን ሴግመንት ማድረግ ይቸግረዋል» አሉኝ። እኔ ራሴ ኤክሴል በቪዲዮ አስተምራለሁ፤ አንድ ተማሪዬ «ትምህርቱ ረዘመ፣ ሴግመንት ይደረግ» ብሎ ጻፈልኝ። ቪዲዮው 42 ደቂቃ ስለሆነ አልፈረድኩበትም። ማስታወቂያ የሚሠራልኝ ልጅ ደግሞ «ደንበኞችሽን ሴግመንት ሳታደርጊ መልእክት አትላኪ» ይለኛል። 640 ለሚሆኑ የድሮና የአሁን ተማሪዎቼ አንድ ዓይነት መልእክት ነው የምልከው።

መከፋፈል ማለት እንደሆነ ገብቶኛል። ግራ የገባኝ የቱ ጋ እንደሚቆረጥ ነው። ልጄ 7 ዓመቱ ነው። ፊደሉን እንደ ውሃ ጠጥቶታል፤ ቃል ሲያይ ግን ይደነግጣል።

የአንደኛ ክፍል አስተማሪ

እህቴ፣ ከልጁ ልጀምር። «ፊደሉን ጠጥቶታል» ያልሽውን እስቲ እናጣራው። «ሊ»ን ብቻዋን ወረቀት ላይ ጻፊና አሳዪው። ከንፈሩን ተመልከቺ። «ለ፣ ሉ፣ ሊ» እያለ በሆዱ ከቆጠረ፣ የሚያውቀው ዜማውን ነው፣ ፊደሏን አይደለም። ብዙ ልጆች እዚህ ጋ ናቸው። መድኃኒቱ ፊደሎቹን በካርድ ጽፎ እየበወዙ ማሳየት ነው።

ቀጥሎ መቁረጡ። ይህ ከጆሮ ይጀምራል፣ ወረቀት ቆይቶ ይመጣል። «ተራራ» በዪውና ያጨብጭብ፦ ተ–ራ–ራ፣ ሦስት ጊዜ። ከዚያ ተራ ቀይሩ፤ አንቺ «መ–ኪ–ና» ብለሽ ቆራርጪ፣ እሱ ይግጠም። ይህን ሁለተኛውን አትዝለዪው። ቆርጦ መግጠም ያልቻለ ልጅ ገና አላነበበም።

አሁን ወጥመዱን ልንገርሽ። «መስኮት» ሲጻፍ አራት ፊደል ነው፣ ሲጨበጨብ ግን ሁለት፦ መስ–ኮት። «ትምህርት» አምስት ፊደል ሆኖ ጭብጨባው ያው ሁለት ነው። ሳድሶቹ ናቸው የሚያስቸግሩት፤ አንዳንዴ አናባቢ ይዘው ይነበባሉ፣ አንዳንዴ ተነባቢ ብቻ ሆነው ካለፈው ፊደል ጋር ይጣበቃሉ። ልጁ «መ… ስ… ኮ… ት…» ብሎ ሁሉንም በትክክል ይጠራና ቃሉ ድርግም ይልበታል። ስንፍና አይምሰልሽ፤ በጆሮው የሚያውቀው ቃል እንዲያ ተቆራርጦ ተሰምቶት አያውቅም። ስለዚህ መጀመሪያ ሳድስ የሌለባቸውን ስጪው፦ ተራራ፣ መኪና፣ ጨረቃ። ሳድስ ያለባቸውን ከዚያ በኋላ፣ እያጨበጨባችሁ።

ከፈለግሽ የሶቪየቱን የሥነ ልቦና ምሁር የዳኒል ኤልኮኒንን ዘዴ ሞክሪ። ባዶ ሳጥኖች በተርታ ትስያለሽ፣ ልጁ ቃሉን ቀስ ብሎ እየጠራ ለእያንዳንዱ ድምፅ አንድ ጠጠር ወደ ሳጥን ይገፋል። የእኛ ፊደል ተነባቢና አናባቢን አንድ ላይ ስለሚይዝ እኔ መጀመሪያ በቀለም (በቃል ክፍል) ነው የማሠራው፣ አንድ ሳጥን ለአንድ ጭብጨባ።

ቪዲዮ ቆራጭ

ወደ 42 ደቂቃው ልምጣ። በሰዓት አትቁረጪ። ብዙ ሰው «አምስት አምስት ደቂቃ» ይልና ዓረፍተ ነገር መሃል ላይ ይቆርጣል፤ ያ ሥጋ መበለት እንጂ ማስተማር አይደለም። ተማሪው ቪዲዮውን አቁሞ አንድ ነገር በእጁ መሥራት የሚችልበት ቦታ ላይ ቁረጪ። «ሠንጠረዡን በስም ቅደም ተከተል አስተካክል» ብለሽ ማዘዝ ከቻልሽ፣ እዚያ ጋ ክፍሉ አልቋል።

ደግሞም ዋናው ቁም ነገር ማሳጠሩ አይመስለኝም። የትምህርት ሥነ ልቦና ተመራማሪዎቹ ሪቻርድ ሜየርና ፖል ቻንድለር በ2001 ያሳተሙት ሙከራ አለ። መብረቅ እንዴት እንደሚፈጠር የሚያስረዳ የ140 ሰከንድ አኒሜሽን ነበር። በ16 ቆራርጠው ከእያንዳንዱ በኋላ «ቀጥል» የሚል ቁልፍ አስገቡበት። ይዘቱ ያው ነው፣ አንድም ቃል አልተቀነሰም። በራሳቸው ፍጥነት እየተጫኑ ያዩት ግን፣ የተማሩትን ተጠቅመው አዲስ ችግር ፍቱ ሲባሉ በአንድ ትንፋሽ ካዩት በለጡ። ጥቅሙ ያለው ቆም ብሎ ማላመጡ ላይ ነው። ስለዚህ ክፍሎቹ በራሳቸው ተከታትለው እንዳይጫወቱ አጥፊው።

ጠያቂ (የኤክሴሏ)

እግዜር ይስጥልኝ ሁለታችሁንም። «ሊ»ን አሁኑኑ አሳየሁት። አዎ፣ ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ። 😅 የሽያጩስ?

ሻጭ ነኝ

እኔ ስለተቃጠልኩበት ልናገር። መጀመሪያ በጋለ ስሜት ደንበኞቼን 11 ቦታ ከፈልኳቸው። በዕድሜ፣ በፆታ፣ በሥራ፣ ኧረ ምን ያልከፈልኩት አለ! አንዱ ቡድን ውስጥ አራት ሰው ብቻ ቀረ። መልእክት ልጽፍ ስቀመጥ ለሰባቱ ቡድን የምለው ነገር አንድ ዓይነት ሆኖ ተገኘ። ያን ጊዜ ነው የነቃሁት። አሁን ከመቁረጤ በፊት መልእክቶቹን እጽፋለሁ። ሁለት ቡድን አንድ መልእክት ከደረሳቸው ሁለት ቡድን አይደሉም፣ አንድ ናቸው።

ላንቺ ሦስት ዓምድ ይበቃል፤ መቼም ኤክሴል እኔ አላስተምርሽም። መጨረሻ የገዙት መቼ ነው? ስንት ጊዜ ገዙ? በድምሩ ምን ያህል ከፈሉ? በመጀመሪያው ዓምድ ደርድሪያቸው። በቅርቡ ጀማሪውን ኮርስ የገዛ «ቀጣዩ ይኸው» ይባላል። ደጋግሞ የገዛ ሰው ቅናሽ አይላክለት፣ ያለ ቅናሽም ይገዛል፤ አዲስ ነገር ቀድሞ ይየው። ዓመት የጠፋው ደግሞ «ምን ከበደዎት?» ተብሎ ይጠየቅ።

ዝርዝሩን ሳታድሺ ግን አንድም ነገር አትላኪ። እኔ ትናንት ለገዛኝ ሰውዬ «ጠፉብን እኮ፣ ናፍቀውናል» ብዬ ልኬበት «ማታ አይደል እንዴ የተገናኘነው?» ብሎ መለሰልኝ።

ተጠራጣሪው

ሁሉንም ቁረጡ ቁረጡ አላችሁ፣ እኔ ትንሽ ልቃወም። «አለ» የሚለውን ቃል ውሰዱ። ላልቶ ሲነበብ «ተናገረ» ነው፣ ጠብቆ ሲነበብ «ይገኛል»። ፊደሉ ያው ስለሆነ የፈለጋችሁትን ያህል ብትቆራርጡት የቱ እንደሆነ አታገኙትም፤ የሚነግራችሁ ዓረፍተ ነገሩ ነው። ቪዲዮውም ቢሆን 15 ቦታ ከተቆረጠ በኋላ ተማሪው ወዴት እየሄደ እንደሆነ ይጠፋዋል።

ቪዲዮ ቆራጭ

እውነት ነው። ለዚህ እኔ መጀመሪያ ላይ የአንድ ደቂቃ ቪዲዮ አስቀምጣለሁ፤ ያለቀውን ሥራ ብቻ ያሳያል። ደግሞ የሥነ ልቦና ምሁሩ ጆርጅ ሚለር በ1956 አእምሯችን ባንድ ጊዜ የሚይዘው ሰባት ያህል ቁራጭ ነው ሲል፣ የቁራጩ መጠን እንደ ሰዉ እውቀት እንደሚለያይም ተናግሯል። ለጀማሪ አምስት እርምጃ የሆነው ለለመደ ሰው አንድ ነው። ስለዚህ ለጀማሪዎችሽ አድቅቂው፣ ለቆዩት አትነካኪባቸው።

ሻጭ ነኝ

ይገርማችኋል፣ የግብይት ባለሙያው ዌንደል ስሚዝ ስለ ገበያ ክፍፍል የጻፈው ታዋቂ ጽሑፍም በዚያው በ1956 ነው የወጣው። ዓመቱ የመቁረጥ ዓመት ነበር መሰል።

ጠያቂ (የኤክሴሏ)

ከሦስት ሳምንት በኋላ ተመልሻለሁ። 42 ደቂቃው 9 ክፍል ሆነ። ሁለቱን ቆርጬ ሳያቸው ተማሪው በእጁ የሚሠራው ነገር ስላጣሁባቸው ጣልኳቸው፣ 7 ቀሩ። ደንበኞቹ ሦስት ቡድን ሆኑ። «ምን ከበደዎት?» ተብለው ከተጠየቁት መካከል ሁለቱ የመለሱልኝ መልስ አንድ ነው፦ «ቪዲዮው ረዘመ»።

ልጄ ትናንት ማታ «መስኮት»ን አነበበ። መጀመሪያ አጨበጨበ፣ ከዚያ ዞር ብሎ መስኮቱን አየው። አሁን የቸገረኝ «ትምህርት» ነው፤ ሦስት ጊዜ ያጨበጭብበታል። የአንደኛ ክፍሏ፣ ልተወው ወይስ ላርመው?

የአንደኛ ክፍል አስተማሪ

ተዪው። ቃሉን ካገኘው ጭብጨባው አያጣላችሁም።