ለጋራ ፕሮፖዛላችን፦ ስለ አዝማሪ ባልና ሚስት የሚሠራው አስፈሪ ሙዚቃዊ ፊልም

የማኅበሩ ጸሐፊ፦ ጤና ይስጥልኝ ወገኖች። እስካሁን የተስማማነው ይህ ነው። የ20 ደቂቃ አጭር ፊልም፣ አስፈሪ፣ በዘፈን የሚሄድ። ባለታሪኮቹ አዝማሪ ቤት የሚሠሩ ባልና ሚስት ናቸው፤ እሱ ማሲንቆ ይመታል፣ እሷ ትዘፍናለች። ሌሊት ሌሊት ሰው ሲያጫውቱ ኖረው ዛሬ አንዲት አዲስ ስንኝ እንኳ አልመጣ ብላቸዋለች። ያልጨረስነው ፍርሃቱ ከየት ይምጣ የሚለውን ነው።

የፕሮዳክሽን ክፍል፦ እኔ ዛር ይግባበት ባይ ነኝ። ተመልካቹ ያውቀዋል፣ ከበሮውም ለሙዚቃው ይመቻል።

የስክሪፕት ክፍል፦ ወንድሜ፣ እዚህ ላይ አልስማማም። ሴትዮዋን ያዛላት ሥራው ነው። ዛር ካገባንባት ጥፋቱ የመንፈሱ ይሆንና ድካሟን ማንም አያየውም። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2019 ስለ ሥራ ዝለት ሲገልጽ በሽታ ነው አላለም፤ ከሥራ የሚመጣ ነገር ነው ያለው። ምልክቶቹም አቅም መሟጠጥ፣ ከሥራው በልብ መራቅና የሠሩት ሁሉ ፍሬ የሌለው ሆኖ መታየት ናቸው። ሦስቱም እነዚህ ሰዎች ላይ አሉ።

ፍርሃቱን ሩቅ አንፈልገው፣ አዝማሪ ቤቱ ውስጥ አለ። እንግዳው «ተቀበል!» ብሎ ስንኝ ይሰጣል፣ አዝማሪው ያንኑ ተቀብሎ ያዜማል። እምቢ ማለት የለም። እንግዲህ አንድ ሌሊት፣ እንግዳው ሁሉ ሄዶ በሩ ከተዘጋ በኋላ፣ ከጨለማው ጥግ «ተቀበይ!» የሚል ድምፅ ይምጣ። ስንኙም ባልና ሚስቱ ለብቻቸው ሲጣሉ የተባባሉትን የሚያውቅ ይሁን። እሷ ሳትፈልግ አፏ ይቀበላል። ካሜራው ወደ ግንባሯ ይጠጋ፤ እንግዶቹ የለጠፉላት ብር ላቧ ደርቆበት ቀርቷል። ጫፉን ይዛ ትስበዋለች፣ ቆዳዋ አብሮ ይሳባል፣ ብሩ ግን አይላቀቅም።

የሙዚቃ ክፍል፦ እህቴ፣ እጅሽ ይባረክ! በትዝታ ቅኝት እንጀምር፣ ሰዉ ቤቱ ያለ መስሎት ይደላደል። ከጨለማው ድምፁ ሲመጣ አንቺሆዬ ወደሚባለው ቅኝት እንግባ። አንቺሆዬ ውስጥ ሁለት ቦታ ላይ ድምፆቹ በግማሽ ቶን ብቻ ተጠጋግተው ስለሚቆሙ ጆሮ አያርፍም። ማሲንቆ አንድ አውታር ስለሆነ ለውጡ ጣት ላይ ይታያል፤ የባልየው ጣት እሱ ያላሰበበት ቦታ ላይ ሲያርፍ እናሳይ።

በገና ይግባ ያላችሁኝ አላችሁ። ንዝረቱ አጥንት ድረስ ይገባል፣ እውነት ነው። ነገር ግን በገና የጸሎት መሣሪያ ነው፤ በሁዳዴ ሰው ንስሐውን የሚያስብበትን ድምፅ ማስፈራሪያ ልናደርገው አይገባም። በዚህ ላይ አጥብቄ እለምናችኋለሁ።

የፕሮዳክሽን ክፍል፦ እሺ፣ ዛሩን ትቼዋለሁ፣ የእናንተው ይሻላል። እኔን አሁን የሚያሳስበኝ ቀረጻው ነው። ስለ ዛሉ ሰዎች ፊልም እየሠራን ባለሙያዎቻችንን ማዛል የለብንም። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ፣ 1156/2011፣ መደበኛ ሥራ በቀን ከ8 ሰዓት፣ በሳምንት ከ48 ሰዓት አይበልጥም ይላል። ብዙዎቻችን ግን ቀን ሌላ ሥራ ውለን ነው የምንመጣው። ስለዚህ የአንድ ሌሊት ቀረጻ ርዝመቱ ከ6 ሰዓት እንዳይበልጥ፣ በተከታታይም ከሁለት ሌሊት በላይ እንዳይሆን በፕሮፖዛሉ ይጻፍ። በጀቱ ይጨምራል፤ ይጨምር።

ሰብሳቢ፦ ልጆች፣ በርቱ። የቀረጻ ሰዓቱን እደግፋለሁ፣ በገናውም ይቅር። መጨረሻው ግን አልገባኝም። ይድናሉ?

የስክሪፕት ክፍል፦ ጋሼ፣ እሷ ትድናለች። ለመጨረሻ ጊዜ «ተቀበይ!» ስትባል አፏን ገጥማ ዝም ትላለች፣ ብሩም ከግንባሯ ይወድቃል። ድምፁ ያኔ ወደ ባሏ ይዞርና «ተቀበል!» ይላል። እሱ ማሲንቆውን ያነሳል። ያነሳዋል እንጂ ይምታው አይምታው ገና አልወሰንኩም፤ የሙዚቃ ክፍሉ ዜማውን ሲያሰማን አብረን እንወስን።

ጸሐፊ፦ ጥሩ። ያንን ትዕይንት ክፍት አድርጌ ረቂቁን እስከ ዓርብ አዘጋጃለሁ። የሙዚቃ ክፍል፣ የአንቺሆዬውን ናሙና በስልክም ቢሆን ቀድታችሁ ከዚያ በፊት ላኩልን።