ከዶርዜ እስከ ዶኮ በእግር፣ ሰው ቤት እያደርን፦ እናታችንን ይዘን መሄድ እንችላለን?

የአራት ኪሎዋ ልጅ፦

ሰላም ለሁላችሁ። ከጥምቀት በኋላ እኔ፣ ታናሽ እህቴና እናታችን ወደ ጋሞ ደጋ ለመሄድ አስበናል። አርባ ምንጭ አድረን ዶርዜ እንወጣለን። ከዚያ ከመንደር መንደር በእግር እየሄድን አራት አምስት ቀን እንቆያለን። ሎጅ አንፈልግም፤ ሰው ቤት ነው ማደር የምንፈልገው።

እማዬ ያደገችው ሽሮ ሜዳ ነው። ጎረቤቶቿ ዶርዜዎች ነበሩ። ጥበብ የሚሠሩላት ሸማኔ በየዓመቱ ለመስቀል አገራቸው ሲሄዱ መጥተው ይሰናበቷታል። እሷም "አንድ ቀን እኔም አያለሁ" ትላቸዋለች። ዘንድሮ ጡረታ ወጣች፣ እኛም ጊዜው አሁን ነው አልን።

አንድ አስጎብኚ በአምስት ቀን ስድስት መንደር የሚያዳርስ ፕሮግራም ልኮልኛል። በየማታው ሌላ ቤት ነው የምናድረው። እማዬ 60 ዓመቷ ነው፣ ቁልቁለት ላይ ጉልበቷን ያማታል። እህቴ ደግሞ አስም አለባት። ይህን ይዘን ይሞከራል? ሌላው የሚያስጨንቀኝ ነገር የሰው ጓዳ ገብቶ ፎቶ እያነሱ መውጣት ነው። በክብር እንግዳ ሆኖ ለመሄድ ምን እናድርግ? ክፍያውስ እንዴት ነው?

መንገደኛው፦

ከጥምቀት በኋላ ማለትሽ ጥሩ ነው። ከኅዳር እስከ የካቲት አጋማሽ ያለው ጊዜ ደረቅ ነው። በልግ ከገባ መንገዱ ሁሉ የሚያንሸራትት ቀይ ጭቃ ይሆናል። ክረምትን ጨርሶ አታስቡት። በ2016 ዓ.ም. ሐምሌ ላይ ጎረቤት ጎፋ ዞን፣ ገዜ ጎፋ ወረዳ ውስጥ ተራራው ተንዶ ከ200 በላይ ሰው መሞቱን ሁላችንም እናስታውሳለን።

ከአዲስ አበባ በቡታጅራ፣ በሆሳዕናና በሶዶ አድርጋችሁ ትወርዳላችሁ። አውሮፕላንም አለ። ከአርባ ምንጭ ጨንቻ 37 ኪሎ ሜትር ነው፤ ዶርዜ ከጨንቻ በፊት ታገኙታላችሁ። ሚኒባስ ከመነኸሪያው ጠዋት ቶሎ ቶሎ ይወጣል፣ ከሰዓት ግን እስኪሞላ መጠበቅ አለ።

ጨንቻ ያስተማረችው፦

ሰላም እህቴ። ጨንቻ አስተማሪ ነበርኩ። ትውልዴ ደብረ ብርሃን ስለሆነ ብርዱ አላስቸገረኝም። ዛሬም የተማሪዎቼን ቤተሰቦች ለመጠየቅ ስለምመላለስ የማውቀውን ልንገርሽ።

መጀመሪያ ያንን የስድስት መንደር ፕሮግራም ተይው። ለእናትሽ ጉልበት ብዬ ብቻ አይደለም። የመጀመሪያው ማታ ቤተሰቡ በሙሉ ለእንግዳ ሽር ጉድ ሲል ነው የሚያመሸው። ሥራ ይቆማል፣ ልጆች ዝም በሉ ይባላሉ፣ ያለው ነገር ሁሉ ይቀርባል። በማግስቱ ነው ቤቱ ወደ ኑሮው የሚመለሰው። እናት እንሰት ለመፋቅ ትወጣለች፣ አያት እንዝርቷን ታነሳለች፣ አባት ድሩን ዘርግቶ መወርወሪያውን ማመላለስ ይጀምራል። እናንተ ልታዩት የምትሄዱት ይህን ነው፤ በየቀኑ ቤት የሚቀይር እንግዳ ደግሞ አያገኘውም።

ስለዚህ ሁለት ቤት ብቻ ምረጡ። አንዱ ዶርዜ ሃይዞ ይሁን፣ ሌላው ዶኮ አካባቢ። እያንዳንዱ ጋ ሁለት ሁለት ሌሊት እደሩ። ቀን ቀን ወጥታችሁ ትሄዳላችሁ፣ ማታ እዚያው ትመለሳላችሁ። እናትሽ የደከማቸው ቀን ቤት ይዋሉ። እመኚኝ፣ ከእናንተ የበለጠ የሚያዩት እሳቸው ናቸው። ቋንቋ ባይግባቡ እንኳን ፈትል ይዞ አጠገብ ለሚቀመጥ እናት ሁሌም ቦታ አለ።

ስለ ከፍታው። አርባ ምንጭ 1,300 ሜትር ገደማ ላይ ናት፣ ጨንቻ ደግሞ ከ2,700 ሜትር በላይ። በአንድ ጠዋት ከሙቀት ወደ ጭጋግ ትገባላችሁ። በመጀመሪያው ቀን ትንሽ ዳገት ሁሉ ትንፋሽ ይቆርጣል፣ ስለዚህ ያን ቀን ብዙ አትሂዱ። አጎበር የሚያስፈልጋችሁ አርባ ምንጭ ነው፤ ወባው ያለው ቆላው ላይ ነው። ጉጌ ተራራ ከ4,000 ሜትር በላይ ስለሆነ በዚህ ጉዞ አታስቡት። ለጉልበታቸው ጠንካራ ዱላ ያዙላቸው፣ ቁልቁለቱንም ጠዋት ሳይደክማቸው አድርጉት።

ከጉልበቱ ይልቅ እኔን ያሳሰበኝ የእህትሽ አስም ነው። የዶርዜ ቤት ከቀርከሃ የተሠራ ነው። ከፊት ወጣ ያለው በሩ ከሩቅ ሲታይ የዝሆን ፊት ይመስላል። አዲስ ሲሠራ እስከ 12 ሜትር ሊደርስ ይችላል። ከዚያ ምስጥ ከሥሩ እየበላው በየዓመቱ ዝቅ ይላል፣ ስለዚህ አጭር ቤት ስታዪ ያረጀ ቤት ነው። ሰፈር የሚቀይር ሰው ጎረቤቱን ጠርቶ ቤቱን እንዳለ አስነስቶ ይወስደዋል። እንዲህ ያለ ቤት ውስጥ ማደር ትልቅ ነገር ነው። ግን ምድጃው መሐል ነው፣ ጭስ መውጫ የለም። ጭሱ ውስጥ ለውስጥ ዞሮ በጣሪያው ሰርጎ ነው የሚወጣው። ከብቶቹም በግርግዳ ተከልለው እዚያው ያድራሉ፣ ቤቱን የሚያሞቁት እነሱ ናቸው። ጤነኛ ሰው ዓይኑን ቢያቃጥለው ነው፤ አስም ላለበት ሰው ግን አደገኛ ነው።

መፍትሔው ቀላል ነው። ብዙ ግቢ ውስጥ አሁን ቆርቆሮ ቤት ወይም እሳት የማይነድበት ትንሽ ጎጆ አለ። ከመሄዳችሁ በፊት አስጎብኚውን "እሳት የሌለበት ማደሪያ አለ ወይ?" በሉትና በግልጽ ይመልስላችሁ። እህትሽ ማታ ከእናንተ ጋር በር አጠገብ ተቀምጣ ትጫወት፣ ለመኝታ ወደ ትንሿ ቤት ትሂድ። ቁንጫም ስላለ የራሳችሁን አንሶላና ስሊፒንግ ባግ ያዙ። ውሃውን አፍልታችሁ ወይም ውሃ አጋር ጨምራችሁ ጠጡ።

አሁን ወደ ክፍያው ልምጣ፤ ከሁሉም በላይ የምቆረቆርለት ነገር ይህ ነው። ለአስጎብኚው "ስንት ነው?" ብቻ አትበይው። "ከዚህ ውስጥ ለምናድርበት ቤት የሚደርሰው ስንት ነው? የሚቀበለውስ ማን ነው?" በይው። ቆጮውን የምታዘጋጀው ሴቷ ናት። እንሰቱን ትፍቃለች፣ በቅጠል ጠቅልላ ጉድጓድ ውስጥ ትቀብራለች፣ ለወራት ጠብቃ አውጥታ ትጋግራለች። ውሃ የምትቀዳው፣ መኝታ የምታነጥፈውም እሷ ናት። ገንዘቡ ግን ብዙ ጊዜ በአስጎብኚና በአባወራ መካከል ያልቃል። ስለዚህ የማደሪያውንና የምግቡን ለይታችሁ በእጇ ስጧት። ዝርዝር ብር ያዙ፤ ኔትወርክ ሲጠፋ ቴሌብርም አይሠራም። ይህን ማድረግ ነውር አይደለም። ባልየው ፊት፣ በፈገግታና "እግዜር ይስጥልን" ብላችሁ ካደረጋችሁት ማንም አይቀየምም።

ወደ ላይ ስትወጡ በየመጠምዘዣው ልጆች እየጨፈሩ፣ እየተገለበጡ መኪና ያስቆማሉ። ብር አትወርውሩላቸው፣ እባካችሁ። ብዙዎቹ በትምህርት ሰዓት ነው እዚያ የሚቆሙት፣ መንገዱም ገደል ነው። ከክፍሌ የቀረ ልጅ ፍለጋ ወጥቼ እዚያ መጠምዘዣ ላይ አግኝቼ አውቃለሁ፤ ስለዚህ ጉዳይ ስጽፍ እስከ ዛሬ ሆዴ ይረበሻል።

አንድ ነገር ልጨምር፤ ማንም አስጎብኚ በራሱ አያነሳውም። በጋሞ ሸክላ የሚሠሩና ቆዳ የሚፍቁ ወገኖች አሉ፣ ማናና ደጋላ ይባላሉ። ለረጅም ዘመን ከመሬትም፣ ከጋብቻም፣ ከማዕድም ተገልለው ኖረዋል። ከሸክላ ሠሪ ቤት የመጣች ተማሪ ነበረችኝ። ጎበዝ ነበረች፤ በዕረፍት ሰዓት ግን ምሳዋን ብቻዋን ነበር የምትበላው። እናንተ ስለ አንድ ብሔረሰብ ለማወቅ ስትሄዱ፣ በዚያው ብሔረሰብ ውስጥ ማን ዳር እንደቀረ ጠይቁ። ሸክላ ሠሪዎቹ ጋ ውሰደን በሉት። ጀበናውን ከእጃቸው ግዙ፣ ቡና ካፈሉላችሁም ቁጭ ብላችሁ ጠጡ። ያቺ ጀበና ገበያ ላይ በነጋዴ እጅ ከምትገዙት ጀበና የተለየች ናት።

የሸማኔ ልጅ፦

እትዬ አስተማሪዬ፣ እግዜር ይስጥልኝ። እኔ የተወለድኩት ዶርዜ ነው፣ አሁን ሽሮ ሜዳ ከአባቴ ጋር እሠራለሁ። ያልሽው ልክ ነው፣ አንድ ነገር ብቻ ላስተካክል። በጥር ከሄዱ ብዙ ቤት ውስጥ አባት ድር ላይ ተቀምጦ አያገኙትም። ወንዶቹ እንደ እኛ አዲስ አበባና ሌላ ከተማ ናቸው። አገር የሚሞላው ለመስቀል ነው። በጥር የሚጠብቋችሁ እናቶች፣ አያቶችና ልጆች ናቸው። ይህን አውቃችሁ ሂዱ፤ "ሸማኔዎቹ የት አሉ?" ብላችሁ ቅር እንዳትሰኙ። ቤቱን በዚያ ወቅት የያዘችው ሴቷ መሆኗን ካያችሁ፣ ገንዘቡ በእጇ ይግባ የተባለው ለምን እንደሆነ ይገባችኋል።

ለገበያ ቀን ጉዟችሁን አስተካክሉ። ዶርዜ ሰኞና ሐሙስ፣ ጨንቻ ማክሰኞና ቅዳሜ ነው። ዱንጉዛ፣ ያን ባለ ቀለሙን የጋሞ ሽመና፣ መግዛት ከፈለጋችሁ ገበያው ላይ ከእናቶች አማርጣችሁ ውሰዱ። የጨንቻ አፕልም እዚያው አለ።

በመንገድ ላይ ትልልቅ ዛፍ ያለበትና ሣር የለበሰ ሜዳ ታያላችሁ። ዱቡሻ ነው፣ አባቶች ለዕርቅና ለምክር የሚሰበሰቡበት። በመስከረም 2011 ዓ.ም. አርባ ምንጭ ላይ ወጣቱ በንዴት ሲነሳ አባቶቻችን እርጥብ ሣር ይዘው ፊቱ ተንበርክከው የመለሱት ከዚህ ሥርዓት ተነስተው ነው። ስለዚህ ሳትጠይቁ መሐሉ ገብታችሁ ምሳ አትዘርጉ። ከተከለሉት ጫካዎችም ቅርንጫፍ አትቁረጡ፣ ለዱላም ቢሆን። የእናታችንን ዱላ ከአርባ ምንጭ ገዝታችሁ ኑ።

ስጦታ ካሰባችሁ ቡና፣ ስኳርና ጨው በቂ ነው። አሮጌ ልብስ ጭኖ መምጣት ግን ይቅር። ልብስ የምናለብስ ሰዎች ነን።

የአራት ኪሎዋ ልጅ፦

ሁላችሁንም እግዚአብሔር ያክብርልኝ። የስድስት መንደሩን ፕሮግራም ሰርዣለሁ። አስጎብኚው ሌላ ዕቅድ ለማውጣት ተስማምቷል። ለማደሪያው ገንዘብ ማን ይቀበላል ስለው ግን ትንሽ ዝም አለ፣ በኋላ ዝርዝሩን ላከልኝ።

አሁን አዲስ ነገር መጣ። እማዬ ለሸማኔዋ ነገረቻቸው። እሳቸውም "እህቴ ዶርዜ እያለች ሌላ ቤት ብታድሩ ምን እላለሁ?" አሉ። የእህታቸው ግቢ ቆርቆሮ ቤትም አለው፣ ለእህቴ ይመቻል። ችግሩ "ገንዘብ ብታነሱብኝ እቀየማለሁ" ብለዋል። ሳንከፍል ሁለት ሌሊት ማደር ይከብደኛል። እምቢ ማለትም ይከብደኛል። ምን ይሻላል?

ጨንቻ ያስተማረችው፦

እንኳን ደስ አላችሁ! እዚያው እደሩ። ለእሳቸው ገንዘብ አታንሱባቸው፤ ከእናትሽ ጋር ያላቸው የስንት ዘመን ጉርብትና ነው፣ ወደ ሒሳብ አትለውጡት። እህትየዋ ግን ሌላ ሰው ናት። የወንድሟ ቃል ለእሷ ድካም አይከፍልም። እናትሽ ሲሰናበቱ "ለልጆቹ ደብተር" ብለው በእጇ ያስጨብጧት። ከእናት ለእናት ሲሆን ማንም አይመልሰውም። እናንተ ልጆቹ ከሰጣችሁት ግን ይመለስባችኋል፤ ስለዚህ ለእሳቸው ተዉት። መጠኑ ለሌላው ቤት ከምትከፍሉት እንዳያንስ።

ወንድምየውን ደግሞ ከመሄዳችሁ በፊት አንድ ጋቢ ወይም ነጠላ እዘዙ፣ ሳትከራከሩ በጠሩት ዋጋ። ቡናውን ሳትፈጩ ጥሬውን ውሰዱ፣ እዚያ ይቆላላችኋል። ዶኮ ያለውን ቤት አስጎብኚው እንደተስማማችሁት ይያዝላችሁ፣ እሳት የሌለበት ክፍል መኖሩንም በስልክ ያረጋግጥ። የእህትሽን ኢንሄለር ሁለት አድርጉት፤ አንዱ በእሷ ኪስ፣ አንዱ በአንቺ ቦርሳ።